ጥሩምባው በእኔ ስም የተነፋ ለት

በፊልም ላይ ዘጠኝ ጊዜ ሞቻለሁ። ሦስቴ በጥይት፣ ሁለቴ በመኪና፣ አንዴ ሚስቴ መርዛኝ፣ የቀረውን እኔም ረስቼዋለሁ። እንዲህ ስል ቀልድ የሚመስለው ሰው አለ። ቀልድ አይደለም፣ እንጀራዬ ነው። መሪው ተዋናይ አይሞትም፤ ቢሞትም መጨረሻ ላይ፣ ሙዚቃ ተለቆለት ነው። እኔ ፊልሙ ገና ሃያ ደቂቃ ሳይሞላው የሚደፋው ሰውዬ ነኝ። መንገድ ላይ ሰው ያየኝና «የት ነው የማውቅህ?» ይለኛል። ሠፈር ይቆጥራል፣ ትምህርት ቤት ይቆጥራል፣ ወታደር ቤት ነው የሚለኝም አለ። ተዋናይ ነኝ ስለው «አሃ!» ይልና ስሜን እንኳ ሳይጠይቅ ይሄዳል።

መጻፍ የጀመርኩት በንዴት ነው። ሰው የማይሰጠኝን ሚና ራሴ ጽፌ ለራሴ ልስጠው ብዬ። ሦስት ዓመት የፈጀብኝ ስክሪፕት ነበረኝ፤ ቆላ ስላደጉ ሁለት ወንድማማቾች ነው፤ አንዱ ይሞታል፣ አንዱ ከከተማ መጥቶ ይቀብረዋል። የሚቀብረውን ለራሴ ነበር የጻፍኩት። ፕሮዲዩሰሩ አነበበው፣ ወደደው፣ እጄን ጨብጦ «አንተማ ጸሐፊ ነህ» አለኝ። ነገሩ የገባኝ ያኔ ነው፤ ጸሐፊ ነህ ካለኝ ተዋናይ አይደለህም እያለኝ ነበር። መሪው ሚና ፊቱ ለሚታወቅ ልጅ ተሰጠ። ለእኔ የሞተው ወንድም ተረፈኝ። በገዛ ስክሪፕቴ ሬሳ ሆኜ ቁጭ! ዳይሬክተሩ ሊያጽናናኝ «ምን ታደርገዋለህ፣ ጋን በጠጠር ይደገፋል» አለኝ። ጠጠር መሆን እንዴት እንደሚያንገበግብ እሱ ምን ያውቃል።

እምቢ ማለት ነበረብኝ። ከኩራትም በላይ ሌላ ምክንያት ነበረኝ፤ እናቴ።

እናቴ ሸዋ ሮቢት ነው የምትኖረው። ከእኔ በላይ አንድ ልጅ ነበራት፤ ታላቅ ወንድሜ፣ የጭነት መኪና ሹፌር። የደብረ ሲናን ቁልቁለት ሲወርድ ፍሬን እምቢ አለውና ቀረ። መርዶውን ሽማግሌዎች ሊነጋጋ ሲል መጥተው ሲነግሯት እኔ አጠገቧ ነበርኩ። ብትጮህ ይሻል ነበር። አልጮኸችም። አንዲት ቃል ሳይወጣት እንደቆመች ተንሸራታ ወደቀች። ሦስት ቀን አልተናገረችም። ከዚያ ወዲህ ግራ እጇ እንደ ልብ አይታዘዛትም፤ ብርጭቆ ስትይዝ ሌላ ሰው ከሥር እጁን ይዘረጋላታል። ሐኪሙ እኔን ለብቻዬ ጠርቶ «ደማቸው በጣም ከፍ ይላል፤ ሁለተኛ እንዲህ ያለ ድንጋጤ ከመጣ አይችሉትም» አለኝ። እንዲሁ፣ እንደዋዛ። እኔ ግን ያችን ቃል ከዚያ ቀን ጀምሮ ተሸክሜያት እዞራለሁ።

ድሮ፣ ወንድሜ ሳይሞት፣ እኔ በቴሌቪዥን ልሞት ስል ወደ ጓሮ ትወጣ ነበር። ከጓሮ ሆና ጎረቤታችንን «ሞተ? ልግባ?» ብላ ትጠይቃለች። እንስቅባት ነበር። ከወንድሜ በኋላ ግን አንድ ቀን እጄን ያዘችና «ከእንግዲህ አትሙትብኝ» አለችኝ። «በፊልምም ቢሆን። ሟርት ነው። እንዲህ እያልክ ትጠራዋለህ።» እሺ አልኳት። ማልኩላት። ደሞ የማልኩት በወንድሜ አጥንት ነው!

ከዚያ ይኼ ፊልም መጣ። ዕድሜዬ አርባን አልፏል፤ ስልኬ ከጮኸ ወራት አልፈዋል፤ ስክሪፕቱ የራሴ ነው። ተቀበልኩ። ለእናቴ አዲስ አበባ ነኝ አልኳት። የምንቀርጸው ደግሞ ቀወት ውስጥ፣ ከእሷ ቤት በባጃጅ ሁለት ሰዓት በማይሞላ መንደር ነበር። ቆላውን ስጽፍ ያየሁት ያንን መንደር ነውና ሌላ ቦታ ይሁን ለማለት አፌ አልታዘዘኝም። በየምሽቱ ኔትወርክ ያለበት ጉብታ ላይ ወጥቼ እደውልላትና «ብርዱስ?» ስትለኝ «ኧረ አይጣል ነው» እላለሁ፤ ላቤን በክንዴ እየጠረግኩ።

ለቅሶውን የምንቀርጽበት ቀን በጠዋት ነው የተነሳነው። ቆላ ነው፤ ሦስት ሰዓት ካለፈ ሜካፑ ከፊት ላይ ይፈሳል። የመንደሩ ዕድር ድንኳኑን አውሶናል፣ ወንበሮቹን አውሶናል፣ ጥሩምባ ነፊውንም አውሶናል። ጥሩምባ ነፊው ሸምገል ያሉ፣ ቀጠን ያሉ ሰው ናቸው። በዚያ መንደር ሰው ሲሞት ጉብታው ላይ ወጥተው ጥሩምባቸውን ይነፋሉ፣ የሟቹን ስም ይጠራሉ፤ የሰማ ሁሉ የያዘውን ጥሎ ይመጣል። ዳይሬክተሩ «ጋሼ፣ ምንም ልዩ ነገር አይፈለግም፤ ሁልጊዜ እንደሚያደርጉት ያድርጉት» አላቸው።

«የሟቹ ስም ማነው?» አሉ። ነገራቸው።

«የአባቱስ?»

ዳይሬክተሩ ወደ እኔ ዞረ። ጸሐፊው እኔ ነኛ። ሦስት ዓመት ስጽፈው የኖርኩት ሰው፣ ምን እንደሚበላ፣ ማንን እንደሚወድ፣ በየትኛው ጎኑ እንደሚተኛ የማውቀው ሰው፣ የአባት ስም አልጻፍኩለትም።

«የለውም ጋሼ» አልኳቸው።

«ምነው? ዲቃላ ነው?»

«ኧረ አይደለም። እንዲያው ፊልም ስለሆነ ነው።»

«ፊልምም ቢሆን» አሉ፤ ፊታቸው ኮስተር ብሎ። «አባት የሌለው ሬሳ ጠርቼ አላውቅም። የማን ልጅ እንደሞተ ሳይነገረው ማን ከእርሻው ይነሳል? ይኼ ጥሩምባ እኮ ውሸት ነፍቶ አያውቅም።» ከዚያ ከላይ እስከ ታች አዩኝ። ፊቴ አመድ ተቀብቷል፣ አፍንጫዬ ውስጥ ጥጥ ተወትፏል። «አንተስ የማን ልጅ ነህ?»

የአባቴን ስም ነገርኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ። «አውቀዋለሁ። ማሾ ሊገዛ ይመጣ ነበር። ደግ ሰው ነበር፤ ነፍሱን ይማረው» አሉና ጥሩምባቸውን ይዘው ወደ ጉብታው ሄዱ። አንድ ስም ፈጥሬ ብሰጣቸው ኖሮ ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር። ስም መፍጠር ሥራዬ አይደል? አልመጣልኝም። ይልቅ ፀሐዩ ሳይጠነክር ልተኛ ብዬ ቸኮልኩ።

ቃሬዛው ላይ ተጋደምኩ፤ ጋቢ አለበሱኝ። ጥሩምባው ሦስት ጊዜ ተነፋ። ከዚያ የሰውዬው ድምፅ መጣ፤ ከዚያ ደረት ያ ድምፅ ይወጣል ብዬ አልገመትኩም። የጠሩት ግን እኔ የጻፍኩትን ስም አልነበረም። የእኔን ነው። ስሜን፣ የአባቴን ስም፣ «የሸዋ ሮቢቱ» ብለው ሠፈራችንን ጭምር። «ከዚህ ዓለም በሞት ተለይቷልና የሰማህ ላልሰማ አሰማ!»

ዳይሬክተሩ ግን «ቁረጥ! ግሩም ነው!» ብሎ ዘለለ። ቀና ብዬ «ስሙስ?» አልኩት። «ድምፁን ስቱዲዮ እንተካዋለን፤ አንተ አርፈህ ተኛ» አለኝ። ሥራችን እንዲህ ነው፤ የማይሆነውን ሁሉ በኋላ እንተካዋለን እያልን ነው የምንሠራው። አርፌ ተኛሁ። እውነቱን ልናገርና፣ ደስ ብሎኝም ነበር። በዚህ ሁሉ ዓመት ፊልም ላይ ስሜ እንዲህ ጎልቶ ሲጠራ የመጀመሪያዬ ነው።

አስተካክለን እንቅረጸው ብለው አንድ ጊዜ አስደገሟቸው። አሁንም የእኔኑ ስም ጠሩ። ከማሽላው ማሳ ውስጥ ሰዎች ብቅ ብቅ አሉ። ገበያ ሽንኩርት ይዛ የምትወርድ አንዲት ሴት ሸክሟን መንገድ ዳር አወረደች፣ ድንኳኑ ውስጥ ገብታ ተቀመጠች፣ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ አለቀሰች። ማንንም ምንም አልጠየቀችም። በእኛ አገር ለቅሶ ቤት ገብቶ መጠየቅ ነውር ነው። ካሜራማኑ እንባዋን ቀረጸ፣ እሷም እንባዋን ጠርጋ፣ ሸክሟን አንስታ ወደ ሸዋ ሮቢት ገበያ ወረደች። ዳይሬክተሩ «ተዋናይ ብትሆን እንዲህ አታለቅስም» አለ። እኔም በጋቢው ቀዳዳ እያየሁ፣ እውነቱን ነው አልኩ። እናቴ የምትገበያየውም እዚያው ገበያ እንደሆነ አንዴ እንኳ ሽው አላለብኝም።

መንደሩ ውስጥ ስልክ አይሠራም። በዚያ ምሽት ጉብታው ላይ መውጣት ደከመኝና ለእናቴ ነገ እደውላለሁ ብዬ ተኛሁ።

በማግስቱ አንድ ሰዓት ላይ ሜካፕ ተቀብቼ ስጨርስ፣ ነዳጅ ሊቀዳ ዋናው መንገድ ድረስ ወጥቶ የነበረው ሹፌራችን እየሮጠ መጣ። እየሳቀ ይሁን እየፈራ አልለየሁትም። «አንተ ሰውዬ፣ ሞተሃል እየተባለ ነው» አለኝ። «ከተማው ሁሉ።»

ወደ ጉብታው እንዴት እንደወጣሁ አላውቅም። ስልኬ ኔትወርክ ሲያገኝ እጄ ላይ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ነፍስ ይማር። ነፍስ ይማር። እውነት ነው እንዴ? ድንኳኑን በዓይኔ አየሁ የሚል አለ። ማነው የሚጠራጠር? በዚህ ዘመን ሰው ሞተ ሲባል እንዴት ሞተ ብሎ የሚያጣራ የለም፤ ወጥቶ የቀረው በዝቷል። እናቴ ጋ ደወልኩ። ስልኳ ዝግ ነው። እናቴ ስልኳን ዘግታ አታውቅም፤ መዝጋቱንም አትችልበትም። ያኔ ገባኝ። መርዶ ሊነገረው የታሰበ ሰው፣ ወሬው ቀድሞ እንዳይደርሰው ስልኩ ይደበቃል። የወንድሜ ጊዜ ስልኳን ከትራሷ ሥር ወስጄ፣ ዘግቼ ኪሴ ውስጥ የከተትኩት እኔው ነበርኩ። ለእሷ ተጠንቅቀው ነው የዘጉት፤ በጥንቃቄያቸው ደግሞ እኔን ዘጉኝ።

ጎረቤታችን ጋ ደወልኩ፤ ያቺ «ሞተ? ልግባ?» የምትባለዋ፣ የእናቴ የልብ ጓደኛ ጋ። ብዙ ጠርቶ ተነሳ።

«ኢና ሊላሂ» አለች ገና ሃሎ ሳልል። ቁጥሬን አይታ፣ ስልኬን ይዞ የሚደውል ሰው መስያታለሁ። «ልጄ፣ አስከሬኑ ስንት ሰዓት ይገባል?»

«እትዬ፣ እኔ ነኝ! እኔው ነኝ!»

«አዎን ልጄ፣ አላህ ያጽናችሁ። ስንት ሰዓት ይገባል በለኝ፣ ሰው ተሰብስቧል...»

«አልሞትኩም እኮ! ሃሎ! እትዬ!» ከኋላዋ የሚያለቅስ ሰው ብዙ ነው። ከዚያ ሁሉ ድምፅ መሃል የእናቴን ልለይ ጆሮዬን ተከልኩ። የለችበትም። መስመሩ ተቋረጠ፤ ደግሜ ብሞክር አልገባም አለኝ።

ነግረዋታል። የእሷ ድምፅ ግን የለም። በወንድሜ ጊዜም አልነበረም።

ሹፌራችን መኪናውን ይዞ መውረድ አልቻለም፤ መንገዱን ጀነሬተሩን የጫነው መኪና ተገትሮበት ዘግቶታል። ሮጥኩ። ከመንደሩ በታች አንድ ባጃጅ አገኘሁና ዘልዬ ገባሁ። ልጁ በመስታወቱ ያየኛል፣ መንገዱን ያያል፣ ደግሞ ያየኛል። «ምን አፈጠጥክብኝ? ንዳው እንጂ!» ብዬ ጮህኩበት። «ጋሼ፣ ያመምዎት መስሎኝ ነው፤ ፊትዎ...» አለ። እጄን ወደ ፊቴ ስሰድ አመድ ይዞ ተመለሰ። ጥጡም አፍንጫዬ ውስጥ ነው። ያምላክ ያለህ! እንዲህ ሆኜ በሯ ላይ ብቆም፣ ወሬው ያልገደላትን እኔ ልገድላት ነበር።

አስቆምኩትና የሽንኩርት ማሳ የሚያጠጣ ቦይ ዳር ተንበረከክኩ። ውኃው ድፍርስ ነው፤ ሜካፑ ደግሞ በላብ እንዳይለቅ ተብሎ የተሠራ ነው። ፈተግኩ፣ በአፈር ፈተግኩ፣ በሸሚዜ ፈተግኩ። እያንዳንዷ ደቂቃ ትሰማኛለች። እዚህ ፊቴን ስታጠብ እዚያ ወድቃ ይሆናል። ሐኪሙ አይችሉትም ያለኝ ይኼን ነው። ገዳይዋ እኔ ነኝ፤ በመኪና አይደለም፣ በፍሬን አይደለም፣ በአንድ ትንሽ ሚና። «እማዬ፣ ጩኺ» እላለሁ ባጃጁ ውስጥ፤ ልጁ ይሰማኛል፣ ግድ የለኝም። «ዝም ብቻ አትበይ። በእናትሽ፣ ጩኺ።»

ከአስፋልቱ ወርደን ሠፈራችን ስንገባ በራችን ላይ ወንበር ተደርድሮ ወንዶች ተቀምጠዋል። ባጃጁን ከኋላ በኩል አስዞርኩትና በጓሮው በር፣ በቆርቆሮው በኩል ሮጥኩ። እጄን መክፈቻው ላይ እንዳሳረፍኩ ድምፅዋን ሰማሁ።

እናቴ ታለቅሳለች። ጓሮ ውስጥ፣ በሴቶች ተከባ፣ ድምፅ አውጥታ ታለቅሳለች። በሕይወት አለች! ግንባሬን ቆርቆሮው ላይ አስደግፌ፣ አምላኬን አመሰገንኩ፣ ትንፋሼን ሰበሰብኩ። እስከዚህ ድረስ ያለው የሰው ወግ ነው፣ ማንም ያደርገዋል።

ከዚያ ግን ሙሾ አወረደች። እናቴ ሙሾ እንደምታውቅ አላውቅም ነበር። ለአባቴ አላወረደችም፣ ለወንድሜም አላወረደችም። ሴቶቹ ዝም አሉላት።

«ስንቴ ሞተህ ነበር፣ ስንቴም ተነስተሃል፣
እናትህ ስትጠራህ ምነው ዝም ብለሃል።»

በሩን መክፈት ነበረብኝ። አልከፈትኩም። ቆሜ ሰማሁ። ሁለተኛውን አወረደች፣ ሦስተኛውን አወረደች። እኔ ሦስት ዓመት በስክሪፕቴ ውስጥ ላለችው እናት ለቅሶ ስጽፍ ስሰርዝ ኖሬ፣ ከእናቴ አፍ እንደዋዛ የሚወጣው አጠገብ የሚደርስ አንዲት መስመር አላገኘሁም። እንዳይጠፋኝ በከንፈሬ ከኋላዋ እየተከተልኩ እደግመዋለሁ። ምን ያህል እንደቆምኩ አላውቅም። አጭር ነው ብዬ ለራሴ እነግረዋለሁ። አራተኛው ላይ ድምፅዋ ተሰበረና በሩን ገፋሁት።

ጩኸቱ ያኔ ነው የመጣው። አንዷ ሴት ወንበር ገልብጣ ሸሸች፣ ሌላዋ በስመ አብ እያለች አማተበች፣ ጎረቤታችን «ያ ረብ! ያ ረብ!» እያለች መሬት ላይ ተቀመጠች። ከደረቷ ውስጥ የእናቴ ስልክ ወጥቶ ወደቀ። እናቴ ብቻ አልጮኸችም። ፍራሹ ላይ እንደተቀመጠች ቀና ብላ አየችኝ።

«መጣህ?» አለች።

እግሯ ላይ ተደፋሁ። ቀኝ እጇን ፊቴ ላይ አሳረፈች፣ ከጆሮዬ ሥር የቀረውን አመድ በአውራ ጣቷ ጠረገችና አየችው። ምንም አልጠየቀችኝም። «ሂድ ታጠብ» አለችኝ። ከዚያ እልልታ ሆነ፣ ሳቅ ሆነ፣ ስድብ ሆነ። ሽማግሌዎቹ አፈር ድሜ አስጋጡኝ፤ ደግ አደረጉ። ጎረቤታችን አልሃምዱሊላህ እያለች በአንድ ፊት ትስመኛለች፣ በአንድ ፊት ትቆነጥጠኛለች። ነርስ የሆነች የሠፈር ልጅ መጥታ የእናቴን ደም ለካች፤ ከፍ ብሏል፣ ግን ደህና ነው፣ ትተኛ አለች። ያን ጊዜ ብቻ ነው እኔም ያለቀስኩት።

ከሰዓት ሰው ሁሉ ሄደ። አልጋዋ ላይ ጋደም አለች፣ እኔ እግርጌዋ ተቀመጥኩ። ስለ ፊልሙ፣ ስለ ጥሩምባው፣ ስለ መሐላዬ፣ ስለ ውሸቴ ሁሉንም ነገርኳት። ዓይኗን ጨፍና ሰማችኝ። የተኛች መስሎኝ ልነሳ ስል ነው የተናገረችው።

«ከበሩ ውጪ ምን ትሠራ ነበር?»

«መቼ?»

«ሳለቅስ።»

«መድረሴ ነበር እማዬ፤ ደርሼ ወዲያው ነው የገባሁት።» ተዋናይ ነኝ፣ ድምፄ አልተንቀጠቀጠም።

«እግርህን በቆርቆሮው ሥር አይቼዋለሁ» አለች። «መጀመሪያ የሌላ ሰው መስሎኝ ነበር። ቀኝ እግርህን ወደ ውስጥ ሰበር አድርገህ ነው የምትቆመው፣ ከልጅነትህ ጀምሮ። አወቅኩህ።»

«ታዲያ ለምን አልጠራሽኝም?»

«ጠራሁህ እንጂ» አለች። ዓይኗን አልገለጠችም። «ዝም አልክ። ሥራ ላይ መሰልከኝና ላላቋርጥህ ብዬ ቀጠልኩ።»

ከዚያ በደህናው እጇ ጋቢዋን ሳብ አድርጋ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።